በ12 ሚሊዮን ብር ውል ውስጥ ስንት ብር ቀረ?

በገንዘብ ጣሪያ የታሰሩ የሽያጭ ውሎችና የሒሳብ ኮምፒዩተሩ

በመርካቶ አካባቢ ለመንግሥት መሥሪያ ቤቶችና ለረድኤት ድርጅቶች ዕቃ በማቅረብ የሚተዳደሩ ነጋዴዎች ቁጥር ቀላል አይደለም። ከእነዚህም ውስጥ ዓይናቸውን ወደ ቤኒሻንጉል ጉሙዝ ክልል የጣሉ አሉ። በአሶሳ ዙሪያ ከ1989 ዓ.ም. ጀምሮ ከሸርቆሌ የተነሣው የስደተኞች መጠለያ ሥራ በ2004 ዓ.ም. ቶንጎንና ባምባሲን ጨምሮ፣ በኋላም ጾሬንና ጉሬ ሸምቦላን አስከትሎ ሲሰፋ፣ ሳሙናው፣ ጀሪካኑ፣ ብርድ ልብሱና የፕላስቲክ ሸራው ሁሉ አቅራቢ ይፈልግ ነበር። የሱዳን ጦርነት በሚያዝያ 2015 ዓ.ም. ከፈነዳ ወዲህም በኩርሙክ በኩል የሚገባው ሰው በመብዛቱ ገበያው አልቀዘቀዘም።

ችግሩ ያለው ከገበያው ሳይሆን ከውሉ ነው። ገዢዎች በአብዛኛው የሚፈርሙት «5,000 ብርድ ልብስ ግዛ፣ አስረክብ» የሚል የአንድ ጊዜ ውል አይደለም። አንድ ዓመት ወይም ከዚያ በላይ የሚቆይ፣ የገንዘብ ጣሪያ ያለው፣ ዕቃው በሚያስፈልግበት ጊዜ እየተቆረጠ የሚታዘዝበት ውል ነው። በመንግሥት ግዥ ቋንቋ የማዕቀፍ ስምምነት የሚባለው የዚሁ ዘመድ ነው። ነጋዴው ፊርማውን አኑሮ ሲወጣ «12 ሚሊዮን ብር ሸጥኩ» ይላል። አልሸጠም። የሸጠው ገና ምንም ነገር የለም፤ እስከ 12 ሚሊዮን ብር ድረስ እንዲታዘዝ ፈቃድ ነው ያገኘው።

ሁለቱን ለይቶ ማየት

ትላልቅ የንግድ ሶፍትዌሮች ይህን ልዩነት ገና ከመነሻው ለይተው ያስቀምጣሉ። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1972 ከአይቢኤም በወጡ አምስት ባለሙያዎች በጀርመን የተመሠረተው ኤስኤፒ የተባለው ኩባንያ በሚሸጠው ፕሮግራም ውስጥ የሽያጭ ውል በሁለት መንገድ ይመዘገባል። አንደኛው በብዛት የተቆረጠ ውል ነው፤ 40,000 ጀሪካን ተብሎ ይገባል፣ በየጊዜው በተላከው ጀሪካን ልክ ይቀንሳል። ሁለተኛው በገንዘብ የተቆረጠ ውል ነው፤ 12 ሚሊዮን ብር ተብሎ ይገባል፣ የሚቀነሰው ብር ነው። የዕቃው ዓይነት አንድ ሊሆን ይችላል፣ ወይም አንድ ሙሉ የዕቃ ዝርዝር። ኦራክል የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ ፕሮግራምም የሽያጭ ስምምነት ላይ ዝቅተኛና ከፍተኛ የገንዘብ ልክ ማስገባት ይፈቅዳል።

ይህ ነገር አዲስ አበባ ላለ ነጋዴ ምን ይመለከተዋል? የሚል ጥያቄ ሊነሣ ይችላል። መልሱ ቀላል ነው፤ ከጠረጴዛው ወዲያ የተቀመጠው ገዢ በዚህ ዓይነት ማሽን ስለሚሠራ ነው። ለምሳሌ የዓለም ምግብ ፕሮግራም በመላው ዓለም የሚጠቀምበት ዊንግስ የተባለው ሥርዓት የቆመው በኤስኤፒ ላይ ነው። ገዢው የውሉን ቀሪ በየሰዓቱ እያየ፣ ሻጩ ደግሞ በደረሰኝ ጥራዝ እየገመተ የሚሄድ ከሆነ ጨዋታው ከመጀመሪያው አልተስተካከለም።

ቀሪው የሚሰላው በምንድን ነው?

ዋናው ነገር እዚህ ላይ ነው፤ ስለዚህ በቁጥር ማየቱ ይሻላል። አንድ የመርካቶ አቅራቢ ከአንድ የረድኤት ድርጅት ጋር የ12,000,000 ብር ውል ተፈራረመ እንበል። ማስረከቢያው ግማሹ አሶሳ መጋዘን፣ ግማሹ ቶንጎ ነው።

የመጀመሪያው ትዕዛዝ 3,000,000 ብር ነበር። ከዚህ ውስጥ የ150,000 ብር ዕቃ ከገበያ በመጥፋቱ ገዢው ያንን መስመር ሰርዞታል፤ 2,850,000 ብር ደረሰኝ ተቆርጦለት ገንዘቡም ገብቷል። ሁለተኛው ትዕዛዝ 4,200,000 ብር ነው። የ2,600,000 ብሩ ዕቃ አሶሳ ተራግፏል፤ ነገር ግን የመጋዘኑ የዕቃ መረከቢያ ሰነድ (በመንግሥት ቤት ሞዴል 19 የሚባለው) ገና ስላልመጣ ደረሰኝ አልተቆረጠም። የ1,600,000 ብሩ ደግሞ ወደ ቶንጎ የሚሄድ ነው፤ መኪና እየጠበቀ ነው።

በዚህ ጊዜ ባለቤቱ የሒሳብ ሠራተኛውን ጠርቶ «ስንት ቀረን?» ይላል። ሠራተኛው ደረሰኙን ያያል፤ 2,850,000 ብር። ከ12,000,000 ላይ ቀንሶ 9,150,000 ብር ቀርቷል ይለዋል። ባለቤቱም ደስ ብሎት ሦስተኛውን የ6,000,000 ብር ትዕዛዝ በስልክ እሺ ይላል፤ ከአስመጪው ዘንድ በዱቤ ዕቃ ያነሣል።

ትክክለኛው ሒሳብ ግን ሌላ ነው። ከውሉ ላይ የሚቀነሰው ደረሰኝ የተቆረጠለት ብቻ ሳይሆን፣ የታዘዘና ገና ያልተላከው፣ የተላከና ገና ደረሰኝ ያልወጣለትም ጭምር ነው። ኤስኤፒ የሚያሰላውም ይህንኑ ሰብስቦ ነው። ስለዚህ 2,850,000 ሲደመር 4,200,000፣ በጠቅላላው 7,050,000 ብር ከውሉ ወጥቷል። ቀሪው 4,950,000 ብር ብቻ ነው። የ6,000,000 ብሩ ትዕዛዝ በ1,050,000 ብር ጣሪያውን ይበሳል። ያ 1,050,000 ብር ደረሰኝ ወደ ገዢው ኮምፒዩተር ሲደርስ ሰውየው ክፉ ስለሆነ ሳይሆን ማሽኑ ስለማይቀበል ይመለሳል። ውሉን ለማሻሻል ደግሞ ኮሚቴ አለ፣ ፊርማ አለ፣ አዲስ አበባ ያለው ቢሮም ውጭ አገር ያለውን ዋና መሥሪያ ቤት መጠየቅ ይኖርበት ይሆናል። አስመጪው ግን ኮሚቴ አይጠብቅም።

የተሰረዘው 150,000 ብርም ልብ ይባል። ይህ ገንዘብ ወደ ውሉ ተመልሷል፤ የተመለሰው ግን መስመሩ በወጉ ስለተሰረዘ ነው። ባይሰረዝ ኖሮ ትዕዛዙ እንደተከፈተ ይቆይና 150,000 ብሩ ማንም ሳይሸጠው ታስሮ ይቀር ነበር። በብዙ ድርጅቶች ያልተሰረዙ አሮጌ ትዕዛዞች ውሉን እንደ ምስጥ ይበሉታል።

የተመለሰ ዕቃስ? ከሁለተኛው ጭነት የ200,000 ብር ጀሪካን ተሰንጥቆ ቢመለስና ሻጩ የተመላሽ ማስታወሻ ቢሰጥ፣ ቀሪው ከ4,950,000 ወደ 5,150,000 ብር ከፍ ይላል። በምትኩ ያለ ዋጋ ሌላ ጀሪካን ከላከ ግን ውሉ ላይ የሚለወጥ ነገር የለም። ይህን ለይቶ ያልመዘገበ ሻጭ ወይ አንዱን ዕቃ ሁለት ጊዜ ይቀንሳል፣ ወይም የሌለ ቀሪ ይቆጥራል።

የዱቤ ገደብ የውል ጣሪያ አይደለም

በአገራችን ያለው አብዛኛው የግል ድርጅት የሚሠራው በፒችትሪ ነው። ስሙ ከተቀየረ ከአሥር ዓመት በላይ ቢሆነውና ሳጅ 50 ቢባልም ነጋዴው አሁንም ፒችትሪ ነው የሚለው። ፒችትሪ የገንዘብ ጣሪያ ያለው የሽያጭ ውል የሚመዘገብበት ቦታ የለውም። በዚህ ምክንያት አንዳንድ የሒሳብ ሠራተኞች በደንበኛው ካርድ ላይ ያለውን የዱቤ ገደብ 12,000,000 ብለው ሞልተው ውሉን የያዙ ይመስላቸዋል።

ይህ አደገኛ ነው። የዱቤ ገደብ ደንበኛው በከፈለ ቁጥር ይለቀቃል፤ ሦስት ሚሊዮን ከከፈለ ሦስት ሚሊዮን እንደገና መውሰድ ይችላል። የውል ጣሪያ ግን በክፍያ አይሞላም። አንዴ የታዘዘው፣ ካልተሰረዘ ወይም ካልተመለሰ በቀር፣ ከውሉ ወጥቷል። ሁልጊዜ በጊዜው የሚከፍል ጥሩ ደንበኛ በዱቤ ገደብ ብቻ ሲያዝ የ12 ሚሊዮኑን ውል 20 ሚሊዮን ሊያደርሰው ይችላል፤ ማሽኑም ዝም ይላል።

ትልቁን ፕሮግራም መግዛት ለማይችል ነጋዴ አንድ የኤክሴል ገጽ፣ እሱም ከሌለ አንድ ደብተር ይበቃዋል። ለእያንዳንዱ ውል አንድ ገጽ ተከፍቶ የትዕዛዙ ቁጥርና ቀን፣ የታዘዘው፣ የተላከው፣ ደረሰኝ የወጣለት፣ የተሰረዘው፣ የተመለሰውና ቀሪው በየረድፉ ይጻፋል። የሚሞላው ገንዘብ ሲገባ ሳይሆን ትዕዛዝ ሲመጣ ነው።

ታክሱ ውስጥ ነው ወይስ ውጭ?

ከላይ በተጠቀሰው ምሳሌ የተጨማሪ እሴት ታክስ አልተነሣም። በውሉ ላይ ግን ብዙውን ጊዜ የሚጣላው በዚህ ነው። የ12,000,000 ብሩ ጣሪያ 15 በመቶውን ታክስ ያካተተ ከሆነ፣ ሻጩ ሊሸጥ የሚችለው የዕቃ ዋጋ 10,434,783 ብር ገደማ ብቻ ነው። ልዩነቱ ከ1.5 ሚሊዮን ብር ያልፋል። ቀሪውም 4,950,000 ሳይሆን ወደ 3,385,000 ብር ይወርዳል። ብዙ ሶፍትዌሮች ጣሪያውን የሚቆጥሩት በተጣራ ዋጋ፣ ማለትም ያለ ታክስ ነው። የውሉ ወረቀት ታክስን ጨምሮ ከተጻፈ፣ ወደ ኮምፒዩተሩ ከመግባቱ በፊት ለ1.15 መካፈል ይኖርበታል። ይህ የአንድ ደቂቃ ሥራ ነው፤ በፊርማው ቀን ካልተሠራ ግን በመጨረሻው ጭነት ላይ ይመጣል።

ሐምሌ 22 ያመጣው

በገንዘብ የተቆረጠ ውል ትልቁ ፈተና የገጠመው በሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ነው። በዚያ ቀን ብሔራዊ ባንክ የውጭ ምንዛሪው በገበያ እንዲወሰን ሲያደርግ፣ በ57 ብር ገደማ ይመነዘር የነበረው ዶላር በሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር በላይ ወጣ። በ57 ብር ሒሳብ 12,000,000 ብር ማለት 210,500 ዶላር ያህል ነበር። ዶላሩ በ120 ብር ቢሰላ ያው ውል 100,000 ዶላር ብቻ ነው።

እዚህ ላይ ውሉ ስለ ነጠላ ዋጋ የሚለው ወሳኝ ነው። በትልቁ ሶፍትዌር ውስጥ በገንዘብ የተቆረጠ ውል በራሱ ዋጋን አይቆልፍም። ልዩ የዋጋ ስምምነት በውሉ ላይ ካልተያያዘ፣ እያንዳንዱ ትዕዛዝ የሚሰላው በዕለቱ የዋጋ ዝርዝር ነው። ጀሪካኑ 300 ብር በነበረበት ጊዜ 40,000 ጀሪካን ይገዛ የነበረው ገንዘብ፣ ዋጋው 450 ብር ሲሆን 26,666 ብቻ ይገዛል። ጉዳቱ የገዢው ነው፤ ሻጩ ትርፉን ይዞ ይወጣል። ነጠላ ዋጋው ከተቆለፈ ግን ነገሩ ይገለበጣል። ሻጩ በ450 ብር የሚያመጣውን በ300 ብር እየሸጠ የውሉ ጣሪያ እስኪሞላ ድረስ ይደማል። ጣሪያው ገና ሩቅ በሆነ መጠን የሚደማበት ጊዜ ይረዝማል።

ፍርድ ቤት ይረዳል ብሎ የሚያስብ ካለ የ1952ቱን የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 1763 እና 1764 ማንበብ ይጠቅመዋል። ሁኔታዎች ተለውጠው ግዴታው ከታሰበው በላይ ቢከብድም ውሉ እንደጸና ይቆያል፤ ሕጉ በግልጽ ካልፈቀደ በቀር ዳኛው ለርትዕ ሲል ውሉን አይለውጥም። ከመንግሥት አስተዳደር ጋር ለሚደረግ ውል ከአንቀጽ 3183 ጀምሮ ያልታሰበ ሁኔታን የሚመለከት የተሻለ በር አለ፤ ለግል ገዢና ለረድኤት ድርጅት ግን አይሠራም። ከተባበሩት መንግሥታት ድርጅቶች ጋር ሲሆን ደግሞ ክርክሩ በአብዛኛው የሚሄደው ወደ ግልግል ዳኝነት እንጂ ወደ ልደታ አይደለም። እንግዲህ የዋጋ ማስተካከያ አንቀጽ ካለ የሚገኘው በውሉ ውስጥ ነው፣ ወይም የለም።

ጥንቁቅ ሻጭ የሚያደርገው አንድ ዘዴ አለ። ነጠላ ዋጋው የሚጸናበትን ጊዜ ከውሉ ዘመን አሳጥሮ ለብቻው ይጽፋል፤ ውሉ ለ12 ወር፣ ዋጋው ለ90 ቀን። ኮምፒዩተሩም የውሉን ቀንና የዋጋውን ቀን ለየብቻ መያዝ ይችላል። ገዢዎች ይህን ሁልጊዜ አይቀበሉም፤ የተቀበሉት እንዳሉ ግን ከሐምሌ 2016 በኋላ በገበያው ታይቷል።

ጣሪያ የግዥ ቃል ኪዳን አይደለም

ደላሎችና ድርጅት ገዝተው ለመግባት የሚፈልጉ ባለሀብቶች ይበልጥ ሊጠነቀቁበት የሚገባው ይህ ነው። የማዕቀፍ ውል ገዢውን ጣሪያውን እስኪሞላ እንዲገዛ አያስገድደውም። በተለይ የተባበሩት መንግሥታት ድርጅቶች የረዥም ጊዜ ስምምነቶች ዝቅተኛ የግዥ መጠን ቃል እንደማይገቡና ሌላ አቅራቢም መጥራት እንደሚችሉ በግልጽ መጻፋቸው የተለመደ ነው። ስለዚህ «የ12 ሚሊዮን ብር ውል ያለው ድርጅት» ተብሎ በዋጋ ላይ የሚጨመር ነገር ሲመጣ መጠየቅ ያለበት ስንት ታዘዘ፣ ስንትስ ተረከቡ የሚለው ነው። ኮሚሽኑን በፊርማው ቀን በ12 ሚሊዮኑ ላይ የሚያሰላ ደላላና የሚከፍለው ነጋዴ ሁለቱም በኋላ ይጣላሉ።

በዋስትና በኩልም እንዲሁ ነው። በመንግሥት ግዥ የተለመደው የውል ማስከበሪያ ከውሉ ዋጋ 10 በመቶ ነው። በጣሪያው ላይ ከተሰላ 1,200,000 ብር በሲፒኦ ወይም በባንክ ዋስትና ይታሰራል። ትዕዛዙ አምስት ሚሊዮን ላይ ቢቆምም የታሰረው ገንዘብ በ12 ሚሊዮኑ ልክ እንደታሰረ ይቆያል። ማስከበሪያው በየትዕዛዙ እንዲሰላ መደራደር የሚቻለው ከፊርማ በፊት ነው።

ማን ያዛል?

ሌላው ብዙ ገንዘብ የሚጠፋበት ነገር የማዘዝ ሥልጣን ነው። ውሉን የፈረመው የአዲስ አበባው ዋና ቢሮ ነው። ዕቃው የሚያስፈልገው ግን አሶሳ ያለው ቅርንጫፍ ነው፤ አንዳንዴም ከዚያ አልፎ ቶንጎ ያለው የመስክ ሠራተኛ። የመስክ ሠራተኛው ደውሎ «300 ሸራ ጨምርልን» ሲል ነጋዴው ደንበኛ እንዳይቀየም ብሎ ይጭናል። በኤስኤፒ ውስጥ ከውሉ ላይ መቁረጥ የሚችሉ ቅርንጫፎች በዝርዝር ይመዘገባሉ፤ ከዝርዝሩ ውጭ ያለ ሰው ያዘዘው ከውሉ ላይ አይቆረጥም። ደብተር የያዘ ነጋዴም ይህንኑ ዝርዝር በገጹ አናት ላይ መጻፍ ይችላል፤ ስም ሳይሆን ሥልጣን፣ ማኅተምም ጭምር።

ጣሪያው ሲነካ ምን ይሁን የሚለውም አስቀድሞ የሚወሰን ነው። ፕሮግራሙ ሊከለክል፣ ሊያስጠነቅቅ ወይም ዝም ሊል ይችላል። ሦስቱም የሚመረጡ ናቸው። ብዙ ጊዜ ያለ ምርጫ የሚተወው ዝምታው ነው። ለአንድ መኪና ጭነት የማይበቃ ጥቂት ሺህ ብር ሲቀር ደግሞ ውሉን በእጅ መዝጋት ይሻላል፤ አለዚያ የተረሳ ውል ሆኖ ማስከበሪያውን ይዞ ይቀመጣል።

የቶንጎ ነገር

ቶንጎ የማኦ ኮሞ ልዩ ወረዳ ከተማ ነች። ከአዲስ አበባ በነቀምቴና በጊምቢ በኩል አሶሳ ለመድረስ ብቻ ከ600 ኪሎ ሜትር በላይ መንገድ አለ፤ በወለጋ የነበረው የጸጥታ ችግር ይህን መስመር በየጊዜው ሲያቋርጠው ቆይቷል። ጥር 10 ቀን 2014 ዓ.ም. ደግሞ በአካባቢው በታጠቁ ቡድኖችና በመንግሥት ጦር መካከል በተደረገ ውጊያ የቶንጎ የስደተኞች መንደር ተዘርፎ ተቃጠለ። ከጥቂት ሳምንታት በፊት ከተለቀቀው ከጉሬ ሸምቦላ ጋር ከ20,000 በላይ ስደተኞች ተፈናቀሉ። ሰዎቹ ወደ ሌላ ቦታ ተዛወሩ። በውል ወረቀት ላይ ማስረከቢያ ተብሎ የተጻፈው ቦታ ግን በአንድ ሳምንት ውስጥ ተቀባይ የሌለው ሆነ።

በእንዲህ ያለ ጊዜ የ1,600,000 ብሩ ትዕዛዝ ምን ይሆናል? ዕቃው ተገዝቶ መርካቶ ተቀምጧል፤ ትዕዛዙ አልተሰረዘም፤ አልተላከምም። ሻጩ ዝም ካለ ያ ገንዘብ የውሉን ቀሪ እንደያዘ ይቆያል፤ ለአሶሳ የሚመጣው አዲስ ትዕዛዝም «ጣሪያ አልፏል» ተብሎ ይመለሳል። መደረግ ያለበት የገዢውን ጽሑፍ መጠየቅ ነው፤ ወይ ማስረከቢያው ወደ ሌላ ቦታ፣ ለምሳሌ ወደ ጾሬ ወይም ወደ አሶሳ መጋዘን ይለወጥ፣ ወይ መስመሩ በምክንያት ይሰረዝ። ከተሰረዘ 1,600,000 ብሩ ወደ ውሉ ይመለሳል፣ ከላይ የነበረው 4,950,000 ብርም 6,550,000 ብር ይሆናል። ያን ጊዜ ሦስተኛው የ6,000,000 ብር ትዕዛዝ ጣሪያውን ሳይነካ ያልፋል።

ማስረከቢያው ከተለወጠ የማጓጓዣው ዋጋም ይለወጣል። የመኪና ኪራዩ በነጠላ ዋጋው ውስጥ ከተካተተ ቶንጎ ይሄድ የነበረው ዕቃ አሶሳ ላይ ሲራገፍ ለሻጩ ይቀለዋል። ከአሶሳ አልፎ ወደ ኡራ ወይም ወደ ኩርሙክ እንዲሄድ ከተባለ ግን ይከብደዋል። ኪራዩን ለብቻው በመስመር ያስጻፈ ነጋዴ ይህን በአንድ ደብዳቤ ያስተካክላል፤ ያላስጻፈው በራሱ ኪስ ይጭናል።